አባታችን ሦስቴ የገባበት በር

እህቴ አንድ ቦታ መቀመጥ አይሆንላትም። ወንበር ይቆረቁራታል፣ ዝምታ ያሳክካታል። ቴሌቪዥን ላይ ወጥታለች እንጂ ታወቀች አይባልም። የማይተዋወቁ ሰዎች አንድ ቤት ውስጥ በሚኖሩበት ውድድር ገብታ ቶሎ ከተባረሩት አንዷ ሆነች። ስለ ኪራይ ቤት ኑሮ በተሠራ ዘጋቢ ፊልም ውስጥ ደግሞ ደረጃ ላይ ቆማ ከጎረቤት ጋር ትጨቃጨቃለች። መንገድ ላይ ሰው አፍጥጦ ያያትና፣ «የሆነ ቦታ አውቅሻለሁ፤ ባንክ ነው የምትሠሪው?» ይላታል። ዝና ተብዬው ይኸው ነው።

ለዚህችው ዝና ስትል አባታችንን አስቀየመች። በውድድሩ ቤት ሆና፣ አባታችን ድሮ ሰክሮ ደረጃ ላይ ያድር እንደነበር ለአገር ምድሩ አወራች። እሱም «ከአፍ የወጣ አፋፍ» አለና ስሟን መጥራት ተወ። ስትደውል አያነሳም። ይቅር ይላት እንደሆነ ሳታውቅ ዓመታት እንደተንቆራጠጠች አለፉ።

ዘንድሮ አንዲት ፊልም ሠሪ የእህቴን ሕይወት መቅረጽ ጀመረች። አባታችንን እግሩ ላይ ወድቄ ያመጣሁት እኔ ነኝ። ካሜራ እንዳለ ስነግረው፣ «ይሁን፤ በሰው ፊት ተጣልተናል፣ በሰው ፊት እንታረቅ» አለ።

በሩን አንኳኳ። ከፈተችለት። ጭምቅ አድርጎ አቀፋትና በጆሮዋ የሆነ ነገር አላት። እኔ ከንፈሩ ሲንቀሳቀስ ብቻ አየሁ።

«ድምፁ አልገባም» አለች ፊልም ሠሪዋ።

በእነሱ ሥራ በር የሚገባ ሰው አንዴ ከውጭ፣ አንዴ ከውስጥ እየተቀረጸ ደጋግሞ ይገባል። እህቴ ይህን ከለመደች ቆይታለች።

«አባዬ፣ አፈር ስሆን፣ ውጣና እንደገና ግባ። ጮክ ብለህ ይቅር በለኝ።»

ይቆጣል ብዬ ስጠብቅ ኮቱን አስተካክሎ ወጣ። ሁለተኛው ላይ ተንተባተበ። ሦስተኛው ላይ ግን ጎበዝ ሆነ። «ይቅር ብዬሻለሁ ልጄ!» ብሎ እንባውን በቦታው አወረደው። ፊልም ሠሪዋ አጨበጨበችለት። እሱም ደስ ብሎት ሳቀ። እኔ በገንኩ።

ሁሉም ከሄዱ በኋላ እህቴ መስኮቱን ትከፍታለች፣ ትዘጋለች።

«መጀመሪያ ሲያቅፈኝ ምን አለኝ?»

«በአንቺ ጆሮ እኮ ነው የተናገረው!»

«መብራቱ ፊቴ ላይ መሆኑን እያየሁ ነበር። አልሰማሁትም።»

ስልኳን አንስታ ደወለች። ዛሬ ወዲያው አነሳላት። ድምፁን ከፍ አድርጋው ስለነበር እኔም ሰማሁ።

«አባዬ፣ መጀመሪያ ስትገባ ምን ነበር ያልከኝ? ያኛውን፣ የራስህን።»

«የቱን ልጄ? ምነው፣ ጥሩ አልወጣም እንዴ? ከፈለጋችሁ ነገም መጥቼ እደግመዋለሁ።»