ወደ ግራ የታጠፈችው ጭራ

«እንግዲህ አንድ ሰው ይንገራት» አለ ከድንኳኑ ጥግ አንዱ።

«ምን ብሎ? ተነሺና የባልሽን እጅ አጥፊ ብሎ?»

«ቀስ በል፤ ትሰማሃለች።»

ታንጉት ሰምታለች። ከሸራው ወዲያ፣ ከቤቷ ግድግዳ ሥር፣ ነጠላዋን አዘቅዝቃ ሰሌን ላይ ተቀምጣለች። ሴቶቹ የሰጧት ንፍሮ እፍኟ ውስጥ እንዳለ ነው። ከቀብሩ ወዲህ ብቻዋን የሆነችበት ሰዓት የለም፤ ብቸኝነቱ ግን ሰው በመጣ ቁጥር ይብስባታል።

ዕለቱ የባሏ የቢሆነኝ ሠልስት ነው። በዚህ አገር፣ ከቡሬ እስከ ማንኩሳ፣ የተጻፈ ምልክት ሥራ ይሠራል። ጉበን ላይ ሲጻፍ ቤቱን ከእሳት ይጠብቃል፤ ቀፎ ላይ ሲጻፍ ንቡን ያለምዳል፤ ድንጋይ ላይ ሲጻፍ ውሃ ያወጣል። ጸሐፊው ሲሞት ግን የሠልስቱ ጀምበር ሳትጠልቅ ሌላ ሰው በላዩ ላይ ሊደግመው ይገባል። ካልተደገመ ምልክቱ ይሞታል፤ ቀለሙ እንደ ተራ ጽሑፍ ሆኖ ይቀራል። ከተደገመ ሥራው ይቀጥላል፤ የሟቹ ቀለም ግን ሟሙቶ ይጠፋል፤ የሚታየው የደጋሚው የእጅ ጽሑፍ ብቻ ነው።

ቢሆነኝ ለአካባቢው ሁሉ ሲጽፍ ነው የኖረው። ከቀብር መልስ ሰው ሁሉ የየቤቱን ሲደግም ሰነበተ። ጎረቤቷ ያምሮት የበሯን ከደገመች በኋላ መጥታ «ይቅር በይኝ፣ ምን ላድርግ» ብላ አልቅሳለች። እንዲህ እንዲህ እያለ የቢሆነኝ እጅ ከየበሩ ጠፋ። የቀረው ከመንደሩ ግርጌ ያለው የምንጩ ድንጋይ ነው። የውሃ ምልክት የተማረ እጅ ይፈልጋል፤ ቢሆነኝ ያስተማረው ደግሞ ታንጉትን ብቻ ነበር።

ውሃውን ለየማሳው የሚያከፋፍለው የውሃ አባት ሸጋዬ ከዘራውን ተደግፎ መጣና አጠገቧ ተቀመጠ።

«ንፍሮውን ቅመሽ እንጂ።»

«ቀምሻለሁ፣ አያ ሸጋዬ።»

«አፍሽ መቼ ተነቃነቀና።» ከዘራውን ጭኑ ላይ አጋደመ። «ምንጩ ከጠዋት ጀምሮ ቀጥኗል።»

«እንድሄድ ነው?»

«ኧረ እኔ ሂጂ መች አልሁ? ቀጥኗል ነው ያልሁ። ላሞቹ ግን ገንዳው ዘንድ ቆመው ያዩኛል፤ የደበቅሁባቸው ይመስላቸዋል።»

«ከእጁ ያቺ ብቻ ናት የቀረችኝ» አለች ታንጉት። «ትቅርልኝ።»

ሸጋዬ ከዘራውን አነሣ። ተነሥቶ ሲሄድ ጀምበሯን ቀና ብሎ አያት።

ታንጉት ብዕር መያዝ የጀመረችው ሙሽራ ሳለች ነው። ምንጩ ዳር ተንበርክከው ቢሆነኝ አንጓዋን ይዞ «የምልክቷን ጭራ ቀጥ አርገሽ አውርጃት፤ ውሃው የሚወርደው በእሷ ነው» ይላት ነበር። የእሷ ጭራ ከእሱም ይልቅ ቀጥ ትል ነበር። ኋላ ልጃቸው እህተ ማርያም ታመመች። ፍኖተ ሰላም ወስደዋት ሳትድን ይዘዋት ተመለሱ። ታንጉት ልጇን ታቅፋ «ጻፍላት» አለችው።

«ለትንፋሽ አይጻፍም፤ ክልክል ነው» አለና ወጥቶ ሄደ።

ሲመለስ ልጅቱ ተገንዛ ነበር። የት እንደዋለ አልጠየቀችውም፤ እሱም አልነገራት። በማግስቱ መቃ ብዕሯን ከጣራው ማገር ላይ ሰካችው፤ ዳግም አላወረደችውም። ከዚያ ወዲህ ቢሆነኝ የሚጽፋቸው ጭራዎች ሁሉ ጫፋቸው ወደ ግራ መታጠፍ ጀመረ። ጎርፍ ያደበዘዘውን የምንጩን ምልክት ሲያድስ እንኳ እንደዚያው።

«አጠመምሃት» ትለዋለች ባየች ቁጥር።

«ትሥራ እንጂ ትጥመም» ይላታል።

በዚያ ቤት ከዚህ የረዘመ ጨዋታ እምብዛም አልነበረም።

ከቀትር በኋላ ባጃጅ ከደጅ ቆመ። የወረደው ጁማ ነው፤ ለቢሆነኝ ቀለም ይሸጥለት የነበረ የቡሬ ነጋዴ።

«አላህ ያጽናዎት፣ እትዬ ታንጉት።»

«አሜን። ደከሙ፤ ይቀመጡ።»

ጁማ ከኪሱ የቀለም ብልቃጥ አውጥቶ ሰሌኑ ላይ አኖረ። «ያዘዘው ነው። ሳይወስደው ቀረ።» ከዚያ ጫማውን እያየ፣ «የሱቄን ጉበን ዛሬ ጠዋት ደገምሁት። ሚስቴ ዶሮ የጫረው ይመስላል አለችኝ።» ፈገግ ሊል ሞክሮ ተወው። «ልጅቱ ያረፈች ዕለት እኔ ዘንድ ነበር የዋለው። ነግሮዎታል?»

ታንጉት ቀና አለች። «የሚነግረኝ ሰው ነበር?»

«ጓዳዬን ዘግቶ የትንፋሽን ምልክት ሲጽፍ ነው የዋለው። ስገባ ብዕሩ ወለሉ ላይ ወድቋል። ጭራዋ ላይ ሲደርስ እጁ ወደ ግራ ተጠመዘዘ፤ ከዚያ ወዲያ አልተመለሰለትም።»

«ለምን ደበቀኝ?»

«እኔም ጠይቄዋለሁ። ‹መጀመር እንደሚቻል ካወቀች የልጅቱ መቃብር ላይ ሄዳ ትጽፋለች፤ እጇን ታጣለች። እኔን ትጥላኝ፣ እጇ ይትረፍ› አለኝ። አስምሎኝ ነበር። አሁን እሱ ከሌለ ለማን ልጠብቅ?»

ታንጉት ቀኝ እጇን አየችው። ንፍሮው ቀዝቅዞ እንዳለ ነው። ሰሌኑ ጠርዝ ላይ አኖረችው፤ ብልቃጡን አንሥታ ቤት ገባች። ብዕሩን ከማገሩ አወረደችና ጥላሸቱን በነጠላዋ ጫፍ ጠረገች። ስትወጣ ድንኳኑ ውስጥ ያሉት ዞረው አዩአት። ያምሮት ልትከተላት ተነሥታ ነበር፤ ሸጋዬ በከዘራው ከለከላት።

ምንጩ እንደ ክር ቀጥኗል። ላሞቹ ገንዳው ዘንድ ቆመዋል። ታንጉት ድንጋዩ ፊት ተንበረከከች፤ ብዕሩን ነክራ ከላይ ጀመረች። እጇ አልረሳም። ብዕሩ ባለፈበት ሁሉ የቢሆነኝ ቀለም ከሥር እየለቀቀ በድንጋዩ ላይ ይወርዳል። አናቱ ጠፋ፤ ሆዱ ጠፋ። በመጨረሻ ጭራዋ ብቻ ቀረች።

እዚያ ስትደርስ ቆመች። እጇ ደህና ነው፤ ቀጥ አርጋ ልታወርዳት ትችላለች፤ እሱ ራሱ ያስተማራት እንደዚያ ነው። ጀምበሯ ከዋርካው ጀርባ ዝቅ ብላለች። ብዕሩን ቀስ ብላ ወደ ታች ሳበችው፤ ሊያልቅ ጥቂት ሲቀረው አንጓዋን ወደ ግራ አጠፈች።

ውሃው መጥቶ ጉልበቷን አረጠበው።