የፊልሟ ሴት እሺታ

መካነ ሰላም ውስጥ፣ ቅዳሜ ከገበያ መልስ፣ በአንድ የኪራይ አዳራሽ የመቶ ዓመት ዕድሜ ያላቸው ድምፅ አልባ ፊልሞች ይታያሉ። ተዋንያኑ አፋቸውን ያንቀሳቅሳሉ እንጂ አይሰሙም። ስለዚህ የታሪክ መምህሩ ብዙነህ የወንዱን፣ መድኃኒት ቤት የምትሠራው ይርገዱ የሴቷን ቃል ከራሳቸው እየፈጠሩ በማይክሮፎን ይናገሩላቸዋል።

አንድ ቅዳሜ የፊልሙ ሰውዬ ተንበረከከ። ብዙነህ «አግቢኝ» አለ። ሴትዮዋ አንገቱ ላይ ስትጠመጠም ይርገዱ ሌላ ምን ትበል? «እሺ፣ ያንተው ነኝ» አለች። አዳራሹ በእልልታ ተናወጠ።

ሰኞ ብዙነህ የላካቸው ሽማግሌዎች አባቷ አቶ አምባቸው ቤት መጡ። ደንቡ በመጀመሪያው ቀን «እንመክርበታለን» ብሎ መመለስ ነበር። ከሽማግሌዎቹ አንዱ ሐጂ አሕመድኑር ግን ልጅቷ ሕዝብ በተሰበሰበበት ቃሏን መስጠቷን ሲያነሱ፣ አቶ አምባቸው እዚያው ሠርጉን ለጥር ቆረጡ።

ይርገዱ ከጓዳ ወጣች።

«አባዬ፣ እኔ እኮ ለፊልሟ ሴት ነው የተናገርኩላት።»

«በማን አፍ?» አሏት።

ማን ሊሰማት! ከሞተች ስንት ዘመን ለሆናት ሴት ቃል ማዋስ ከመቼ ወዲህ ነው ጋብቻ የሆነው? ይሄ ሁሉ ሰው ፊልምን ከኑሮ መለየት አቅቶት አይደለም፤ መለየቱ ስለማይጠቅመው ነው። ሴት አሥር ጊዜ እምቢ ብትል «አፍራ ነው» ይባላል። አንዴ እሺ ካለች፣ ያውም በሌላ ሴት ፋንታ፣ ማኅተም ያረፈበት ውል ይሆንባታል።

ብዙነህን ትምህርት ቤቱ በር ላይ ጠብቃ ነገሩን እንዲተወው ለመነችው።

«ስትናገሪ እንባሽ መጥቶ ነበር፤ አይቻለሁ» አላት።

እውነቱን ነው፣ መጥቶ ነበር። ለሴትዮዋ ነበር።

በሚቀጥለው ቅዳሜ አባቷና ሽማግሌዎቹ ከፊት ወንበር ተቀመጡ። በአዲሱ ፊልም ሌላ ሰው እጁን ዘረጋ፤ ብዙነህ ልመናውን አሰማለት። ይርገዱ ማይክሮፎኑን ጨበጥ አድርጋ ያዘች።

«እኔ የአምባቸው ልጅ ይርገዱ ነኝ። ብዙነህን አልወደውም፤ አላገባውም።»

አዳራሹ በሳቅ ፈነዳ። አንዷ «አቤት ስትችልበት!» አለች። ሐጂ እንኳ ዓይናቸውን እየጠረጉ አባቷን በክርናቸው ጎሸም አደረጉ።

ማይክሮፎኑን ወንበሩ ላይ ጥላ ወጣች። በሩን ሳትዘጋው ሰማችው፤ ብዙነህ ድምፁን አቅጥኖ፣ እንደ ሴት እየተሽኮረመመ፣ በእሷ ፋንታ «እሺ» ሲል።