ምን ታቆማላችሁ?

ስለ ድርጅት አመራር አራት መጽሐፍ ጽፋለች፤ አንድም ድርጅት መርታ አታውቅም። ነገሩን አንስቶ የሚያደርቃት ወንድሟ ብቻ ነው። ገና በር ላይ ሲያገኛት፣ "እሺ ስትራቴጂ፣ ዛሬ ደግሞ የማንን ቤት አቃናሽ? ዋና ሳይችሉ ዳር ቆሞ 'እጅህን ዘርጋ' ማለት ደስ ይላል አይደል?" ይላታል።

ስቃ ታልፈው ነበር፤ የጫማ ፋብሪካው ቦርድ ለዋና ሥራ አስኪያጅነት ቃለ መጠይቅ እስኪጠራት ድረስ።

ሥራውን አልፈለገችውም። እሷ የምትወደው ጠዋት መስኮቱ ስር ተቀምጦ መጻፍ፣ ከሰዓት የሰው ፋብሪካ ዞሮ ማየት፣ ሲመሽ ችግሩን እዚያው ለባለቤቱ ትቶ ቤት መግባት ነው። ግን እምቢ ብትል ወንድሟ "አላልኩም?" ሊል ነው። እናቷ ደግሞ ወሬውን በሰሙ በሰዓቱ ሰፈሩን አዳርሰዋል።

"እማዬ፣ ገና ይጠይቁኛል እኮ።"

"ማን ነው አንቺን የሚጠይቅ? መጽሐፉን የጻፍሽው አንቺ።"

በቀጠሮው ቀን ሄደች።

የስብሰባው ክፍል ከማሽኖቹ በላይ ነው፤ ወለሉ ይንቀጠቀጣል፣ የማጣበቂያው ሽታ ደረጃውን ወጥቶ እዚያ ድረስ ይመጣል። ሰብሳቢው መነጽራቸውን አፍንጫቸው ጫፍ ላይ አድርገው ጠየቋት።

"ፋብሪካውን ቢረከቡ መጀመሪያ ምን ያደርጋሉ?"

እዚህ ላይ የልማዷን አደረገች። የትም ድርጅት ስትገባ የምትጠይቀው ጥያቄ አላት። ብድግ ብላ ማርከሩን አነሳች።

"መጀመሪያ እናንተ ንገሩኝ። ምን ታቆማላችሁ?"

የቦርዱ አባላት ተያዩ። አንዱ ቦርሳ መሥራቱን እናቁም አለ፣ ሌላው ቦርሳው አይነካ አለ። ክርክሩ ጦፈ። እሷም ሞቃት፤ ለምን እንደመጣች ከናካቴው ረሳችው።

"ጠዋት ጠዋት ምን እንደሚሰፋ የሚወስነው ማነው?"

"ምክትሉ" አሉ ሰብሳቢው። "የድሮው ሥራ አስኪያጅ ከለቀቀ ጀምሮ ሁሉንም እሱ ነው የያዘው።"

"ትዕዛዝ ዘግይቶ ያውቃል?"

"ኧረ የለም።"

"ታዲያ ከውጭ ምን ትፈልጋላችሁ?"

ከጥግ የተቀመጠችው ሒሳብ አዋቂ ጉሮሮዋን ጠረገች። "ስም ያለው ሰው ፈልገን ነው።"

"ስም ጫማ አይሰፋም። የምታመጡት ሰው ፋብሪካ መርቶ ያውቃል?"

"አያውቅም።"

"እንግዲያው አትቅጠሩት። መጀመሪያ የምታቆሙት ይሄንን ነው።" ሰሌዳው ላይ 'አትቅጠሩት' ብላ ጻፈችና ከስሩ ሁለቴ አሰመረችበት።

ዞር ስትል ሒሳብ አዋቂዋ ከንፈሯን ነክሳለች። ሰብሳቢው መነጽራቸውን አውልቀዋል።

"ሰውየው እርስዎ ነዎት እኮ" አሏት በቀስታ።

ጆሮዋ ድረስ ጋለች። የጻፈችውን መልሳ አየችው። የሚሰረዝ አንድም ቃል አጣችበት። ከዚያ ትከሻዋ ላይ የከረመ ሸክም ዱብ ሲል ታወቃት።

"ቢሆንም" አለች ማርከሩን እየከደነች፣ "አትቅጠሯት።"

ወለሉ የተንቀጠቀጠው በሳቅ ይሁን በማሽን አልታወቀም። "ምክሩን ተቀብለናል" አሉ ሰብሳቢው። "ለጉብኝት ግን ይመጣሉ።"

"ጉብኝትማ ሥራዬ ነው።"

በር ላይ ምክትሉ ተራውን ይጠብቃል። አንገቱን ክራቫት ወጥሮ ይዞታል።

"እንኳን ደስ አለዎት" አላት ከመቀመጫው ሳይነሳ።

"ምን አገኘሁና?"

"ሁሉም ያውቀዋል። እኔን የጠሩኝ ለወጉ ነው። የመልቀቂያ ደብዳቤዬንም ኪሴ ይዤ ነው የመጣሁት።"

"እሱን ይቅደዱትና ይግቡ። ክራቫቱንም ላላ ያድርጉት፣ ሊያንቅዎት ነው።"

ቤት ስትገባ እናቷና ወንድሟ ቁጭ ብለው ይጠብቋታል።

"እህስ?" አሉ እናቷ።

"አልሆነም። አትቅጠሯት ያልኳቸው እኔው ነኝ።"

"አላልኩም?" አለ ወንድሟ።

"ብለሃል። ልክ ነበርክ።"

ስንት ዓመት ያላመጠው ቀልድ አፉ ውስጥ አለቀበት። ትኩር ብሎ አያትና፣ "ፊትሽ ግን የተሾመ ሰው ፊት ነው" አለ።

ጫማዋን አውልቃ እግሯን ሶፋው ላይ ዘረጋች። እናቷ ስልካቸውን አንስተው ለጎረቤት ሲያወሩ ከጓዳ ይሰማታል።

"አዎ፣ እምቢ አለቻቸው። ምን ታድርግ፣ መጻፉ አለባት እኮ።"

ላርማቸው አላለችም። እውነትም ነበር።