በአጥሩ ሥር

በ1977 ክረምቱ ዘግይቶ ገባ። ከገባም በኋላ አልወጣ አለ። ባሮ ሞልቶ የበቆሎውን ማሳ ወሰደ። ውሃው ሲጎድል ወባ መጣ። አቦቦ ከሰፈሩት ደገኞች ሰው ሳይቀበር የሚውልበት ቀን አልነበረም። ጋምቤላ ከተማ ደግሞ ሰፈሩ ዶክተር የሚለው የጤና ረዳቱ የረታ ሚስት ፀዳለ ታማ ተኛች።

አጥር የሚጋሯቸው ኦጆትና ሚስቱ ኛሙዎን ፕሮቴስታንቶች ናቸው። በግቢያቸው የሣር ክዳን ጸሎት ቤት ነበረች፤ ቀበሌው አይቶ እንዳላየ ያልፋታል። እሁድ ከበሮው ከመመታቱ በፊት ኛሙዎን በየአጥሩ ሥር እየዞረች፣ "የታመመ አለ?" ትላለች። አለ ከተባለ ያለ ከበሮ ይዘምራሉ። ኦርቶዶክሱ ረታ ይህን ልማዳቸውን ይወድላቸው ነበር። ሦስት እሁድ "አለ" አላት፤ ሦስት እሁድ ከበሮው ዝም አለ።

በአራተኛው እሁድ ረታ ከሥራ ሲመለስ ከበሮው ከሩቅ ተሰማው። ቤቱ አልገባም። በዚያው ወደ ቀበሌ አቀና። ሊቀመንበሩ ወረቀት ሰጠው። "በሽተኛ አስተኝቼ ከበሮ ይመቱብኛል" ብሎ ጻፈና ፈረመ። ወዲያው ሚሊሻዎች ሄደው ከበሮውንም ኦጆትንም ወሰዱ።

"ምነው ዝም አሉ?" አለችው ፀዳለ ቤት ሲገባ።

"አስቆምኳቸው።"

"ማን አስቁም አለህ? ኛሙዎን መጥታ ስትጠይቀኝ ምቱልኝ ያልኳት እኔ ነኝ። ዝምታው መቃብር መቃብር አለኝ፣ ረታ።"

ረታ ተመልሶ ወደ ቀበሌ ሮጠ። ሊቀመንበሩ ሳቀበት። "ለከበሮማ ማን ይታሰራል፣ ጓድ? ያልተፈቀደ ስብሰባ ነው። ጥቆማውን በእጅህ ጽፈህ የለ?"

ፀዳለ በሳምንቱ ሞተች። ኛሙዎን ማን እንደፈረመ እያወቀች ለቅሶ መጣች፤ መሬት ላይ ተቀምጣ አለቀሰች። ኦጆት ግን ከእስር አልተመለሰም። በሁለተኛው ዓመት ልብሱን ላኩላት። ከዚያ ወዲህ ወደ አጥሩ መጥታ አታውቅም።

ከበሮው በቀበሌው የስብሰባ መጥሪያ ሆነ። በተመታ ቁጥር ረታ ዕዳውን ይሰማል።

በ1983 ሊቀመንበሩ ሸሽቶ ቀበሌው ባዶ ሲቀር፣ ረታ ገብቶ ከበሮውን አወጣው። ቆዳው ተቀዶ ነበር። ኢታንግ ድረስ ሄዶ የበሬ ቆዳ አመጣ። ነከረ፣ ወጠረ፣ በጠፍር ጠፈረ። ሁለት ጊዜ ተበላሸበት። በሦስተኛው ድምፅ ሰጠ።

እሁድ ጠዋት ተሸከመው። በአጥሩ ቀዳዳ ማሳለፍ ይችል ነበር፤ ግን በመንገድ ዞረ። ሊፈርም የሄደውም በመንገድ ነው።

"ዶክተር፣ ዘፋኝ ሆንክ እንዴ?" አለው ልብስ ሰፊው አኳይ። ረታ መንገዱን ቀጠለ።

ኛሙዎን ደጃፏ ላይ ቆዳውን በመዳፏ ዳበሰች።

"ኦጆትን አላመጣህም" አለች።

"አላመጣሁም።"

ከበሮውን ተቀብላ ገባች። ረታ ቤቱ ተመልሶ በሩ ላይ ተቀመጠ። በግቢዋ እንደገና መሰብሰብ የጀመሩት ምእመናን ድምፅ ይሰማዋል። ጥቂት ቆይቶ በአጥሩ ሥር ኮቴ መጣ።

"ዶክተር፣ የታመመ አለ?"

"የለም" አለ ረታ። "ምቱት።"