ስምንት ቅጂ፣ አሥራ ዘጠኝ ተሳላሚ

«ፓስፖርቴን ይዤ አልመጣሁም፤ ለሚቀጥለው እሑድ ባመጣልሽስ?» አሉ ጋሽ በቃሉ፣ ጋቢያቸውን ወደ ትከሻቸው እየሰበሰቡ።

ሜሉ ከወረቀቷ ቀና አለች። ለቤተ መጻሕፍት ካርድ ፓስፖርት የጠየቃቸው ማን እንደሆነ ገረማት።

«ፓስፖርት አያስፈልግም፣ ጋሼ። መታወቂያ ይበቃል።»

«በመታወቂያ?»

«ያ፣ አዎ። እዚያው በአምስት ደቂቃ ያልቃል።»

«ክፍያውስ?»

«ኧረ በነፃ ነው!»

ጋሽ በቃሉ ለአፍታ አፋቸውን ከፍተው ቆዩ። ከዚያ ወደ አዳራሹ ዞሩና አርባ ዓመት ባልተጠቀሙበት የዲያቆን ድምፃቸው፣ «ስሙ! ዘንድሮ በመታወቂያ ነው፤ ክፍያም የለም!» ብለው ለፈፉ።

ጥምቀት ካለፈ ሳምንት አልሞላውም። ከቅዳሴ በኋላ ጋምለ ኦስሎ ባለው የኪራይ አዳራሽ ሻይ ይዞ የቆመው ሰው ሁሉ ኩባያውን እያስቀመጠ በሩ አጠገብ ወዳለችው የሜሉ ጠረጴዛ መጣ። ሩብ ሰዓት ባልሞላ ጊዜ አሥራ ዘጠኝ ሰው ተመዘገበ። ወይዘሮ ታንጉት የራሳቸውንና የባላቸውን ስም ካስጻፉ በኋላ፣ «ስንቅ ምን ያህል እንያዝ?» ብለው ጠየቁ።

«ምንም አይያዙ፣ እትዬ። ብስኩት እኛ እናቀርባለን።»

«ብስኩት!» አሉ ወይዘሮ ታንጉት ቅር ብሏቸው። «ለማንኛውም ዳቦ ቆሎ እይዛለሁ።»

ሜሉ ደስታዋን የምታስቀምጥበት አጣች። ግሮሩድ ባለ አንድ ቤተ መጻሕፍት የስድስት ወር ቅጥር ሠራተኛ ናት። ዩኒቨርሲቲ ሳለች የመመረቂያ ጽሑፏን የሠራችው ከቤታቸው የተፈናቀሉ ፍልስጤማውያን በጻፏቸው መጻሕፍት ላይ ነበር። ሁለት ዓመት ሙሉ እነዚያን መጻሕፍት ብቻዋን ስታነብ ኖራ፣ ከመምህሯ በቀር ስለ እነሱ ያወራችው ሰው የለም። ዘንድሮ ግን ደፍራ የንባብ ክበብ ልክፈት አለች። አለቃዋ ኢንግሪድ አንዲት በመጠለያ ያደገች ፍልስጤማዊት ሕይወቷን የተረከችበትን መጽሐፍ በስምንት ቅጂ አስመጣችላትና ቁርጡን ነገረቻት፤ ሐሙስ ስምንት አንባቢ ከመጣ ክበቡ ይቀጥላል፣ ካልመጣ መጻሕፍቱ ወደ ሌላ ቅርንጫፍ ይሄዳሉ።

እነሆ አሥራ ዘጠኝ።

ጠረጴዛዋን ልታጥፍ ስትል ወይዘሮ እታለም መጥረጊያ ይዘው አጠገቧ ቆሙ። እሳቸው ከሰኞ እስከ ዓርብ ቢሮ ያጸዳሉ፤ እሑድ ደግሞ ይህን አዳራሽ ለነፍሳቸው ይጠርጋሉ።

«የእኔ ልጅ፣ ይቺ ጠረጴዛ የምን እንደሆነች ነግረውሻል?»

«ናይ፣ አልነገሩኝም። ባዶ ስለነበረች ነው የተቀመጥኩት።»

«የኢየሩሳሌም ናት። በየዓመቱ ከጥምቀት በኋላ ለትንሣኤ የሚሳለም ሰው የሚመዘገበው እዚቹ ላይ ነው። ጦርነቱ ከመጣ ወዲህ ጉዞው ቀርቶ ነበር። ዛሬ አንቺን እዚህ ተቀምጠሽ ሲያዩ፣ ፎቶውንም ሲያዩ፣ ተከፈተ ብለው ነው።»

ሜሉ ማስታወቂያዋን አየችው። ከላይ የአሮጌዋ ከተማ ባለ ደረጃ ጠባብ መንገድ ፎቶ አለ። ከሥሩ፣ «ኢየሩሳሌም፣ ያፋ፣ ጋዛ። ሐሙስ በ18፡00 ግሮሩድ እንገናኝ። ስምዎን ያስመዝግቡ።» ትልቅ ፊደል ሁልጊዜ የሚጮህ ስለሚመስላት «የንባብ ክበብ» የሚለውን ከግርጌ በትንሹ ጽፋዋለች። ወደ ስም ዝርዝሩ ዞረች። አንዱ ከስሙና ከስልኩ አጠገብ የፓስፖርቱን ቁጥር አስፍሯል። ሌላው «መስኮት አጠገብ ቢሆንልኝ» ብሏል።

«እትዬ እታለም፣ ምነው ዝም አሉ?»

«እነሱ ደስ ብሏቸዋል፤ አንቺም ደስ ብሎሻል። የማንን ደስታ ልንካ?» መጥረጊያውን ግድግዳው ላይ አስደገፉት። «እኔን ጻፊኝ፤ እኔ ለመጽሐፉ ነው። በነሱ ቋንቋ፣ በኖርሽክ አንብቢ እንዳትይኝ ብቻ። የማነበው የማዘጋጃ ቤቱን፣ የኮሙኑን ደብዳቤ ነው፤ እሱንም እየፈራሁ።»

ማታ የሜሉ እህት ዮሐና ታሪኩን ሰምታ ሶፋው ላይ በሳቅ ተንከባለለች።

«በመታወቂያ ኢየሩሳሌም! በነፃ! ሜሉ፣ አንቺ እኮ አደገኛ ሰው ነሽ።»

«ምን ላድርግ?»

«ምንም አታድርጊ። ይምጡ። ኢንግሪድ የምትቆጥረው ሰው ነው አይደል? ከገቡ በኋላ ብስኩት ስጫቸውና በሩን ዝጊ።»

ዮሐና ባርነሃገ በሚሉት መዋዕለ ሕፃናት ውስጥ ልጆች ስለምትጠብቅ ሰው በብስኩት እንደሚያዝ ታምናለች።

«መጽሐፉ ሳይጠየቁ ከቤታቸው ስለወጡ ሰዎች ነው» አለች ሜሉ። «ለእሱ ሰው ሳልጠይቅ አላመጣም።»

ድምፅዋ ከወትሮው ከፍ አላለም። ዮሐና ግን ይህ ድምፅ ሲመጣ ክርክር እንደማያዋጣ ከልጅነቷ ጀምሮ ታውቀዋለች። ሳቋን ዋጥ አድርጋ ስልኩን አቀበለቻት።

ችግሩ ሜሉ ስልክ ትፈራለች። ፒዛ እንኳ የምታዝዘው በኢንተርኔት ነው። ስለዚህ የምትለውን በወረቀት ጻፈች፤ «ጤና ይስጥልኝ፣ የእሑዷ ሜሉ ነኝ። ጉዞ አይደለም፣ የመጽሐፍ ንባብ ነው። በመጠለያ ያደገች ፍልስጤማዊት የጻፈችው ነው። ጥፋቱ የኔ ነው፣ ይቅርታ። ቢመጡ ደስ ይለኛል።» ሰኞ በምሳ ሰዓት የመጻሕፍት ማከማቻው ውስጥ ገብታ በሩን ዘጋችና ከመጀመሪያው ስም ጀመረች። እስከ ረቡዕ ድረስ በየምሳ ሰዓቷ እንዲሁ አደረገች።

አንደኛው ሰውዬ እስኪያስለው ሳቀ። አንዷ፣ «እኔ እኮ ለእህቴ አዲስ አበባ ደውዬ ነገርኳት! አሁን ምን ልበላት?» ብላ ተቆጣች። ሌላው ስሙን በትሕትና እንድትሰርዝለት ጠየቃትና መስኮት አጠገብ የሚለውን አብራ እንድትሰርዝ አሳሰባት። በእያንዳንዱ ስልክ መሐል ሜሉ ውኃ ትጠጣለች። ዘጠነኛው ላይ ውኃውን ረሳችው። አሥራ አራተኛው ላይ ወረቀቱን ከእጇ አስቀመጠችው፤ ቃሉ ከአፏ በራሱ ይወጣ ጀምሮ ነበር።

ወይዘሮ ታንጉት እስከ መጨረሻው ሰሟትና፣ «ልጄ፣ እኔ አገሬን የለቀቅሁት ፖለቲካ መሮኝ ነው» አሉ።

ሜሉ ዓይኗን ከወረቀቱ አነሳች።

«ጸሐፊዋም ፖለቲካውን አልመረጠችውም፣ እትዬ። ከቤቷ ስትወጣ የአራት ዓመት ልጅ ነበረች።»

«እስቲ ባሌን ልጠይቀው።»

ወይዘሮ ታንጉት ባላቸውን ስለ ምንም ነገር ጠይቀው እንደማያውቁ ሰው ሁሉ ያውቃል።

ጋሽ በቃሉን ወደ መጨረሻ አቆየቻቸው፤ አዋጁን ያወጁት እሳቸው ናቸውና ኀፍረታቸው ከሁሉ እንደሚበልጥ ገብቷታል። ነገሩን ስትጨርስ ከወዲያኛው ጫፍ የባቡር በር ሲዘጋ ሰማች።

«ሰምቻለሁ» አሉ ጋሽ በቃሉ። ስልኩም ተዘጋ።

ረቡዕ ማታ ሜሉ ወረቀቷን ገመገመች። ሦስት ሰዎች «እመጣለሁ» ብለዋል። ወይዘሮ እታለም ሲጨመሩ አራት። የቀሩት ወይ አይመቸንም ብለዋል፣ ወይ «እስቲ» ብለዋል፤ «እስቲ» ላለ ሰው ወንበር የሚዘረጋ የለም። ሐሙስ ከሥራ በኋላ ግን ሜሉ ስምንት ወንበር ዘረጋች።

በ18፡00 አራቱም ተቀምጠዋል። ኢንግሪድ ሰዓቱን አየች፤ አራቱን ባዶ ወንበሮች አየች፤ ወደ ሜሉ ጠጋ ብላ በለሰለሰ ድምፅ፣ «ጥሩ ሙከራ ነበር። ነገ መጻሕፍቱን አብረን እናሽጋቸዋለን» አለቻት።

«አሥራ አምስት ደቂቃ ስጪኝ» አለች ሜሉ። «ብዙዎቹ ከሚኖሩበት ከቬስትሊ የሚመጣው ባቡር ገና አልደረሰም።»

ሥራ ከጀመረች ወዲህ ከኢንግሪድ አንድ ነገር ስትጠይቅ የመጀመሪያዋ ነበር። ኢንግሪድ ቅንድቧን ከፍ አድርጋ ወደ ጠረጴዛዋ ተመለሰች።

አሥራ ሁለት ደቂቃ ሲያልፍ በሩ ተከፈተ። ጋሽ በቃሉ ከፊት፣ ሁለት የቬስትሊ ጎረቤቶቻቸው ከኋላ፣ ከዚያ ወይዘሮ ታንጉት ዳቦ ቆሎ በላስቲክ ከረጢት ይዘው፣ በመጨረሻ ባላቸው። ኢንግሪድ ከንፈሯን እያንቀሳቀሰች ቆጠረች። ዘጠኝ። ሄዳ አንድ ወንበር አመጣች።

«ስልኩን የዘጋሁብሽ ባቡሩ ውስጥ ሰው ስለበዛ ነው» አሉ ጋሽ በቃሉ እየተቀመጡ። «በሰው መሐል የሚወራ አልነበረም።» ኮፍያቸውን ጉልበታቸው ላይ አደረጉ። «ከሃያ ዓመት በፊት ለትንሣኤ ኢየሩሳሌም ሄጄ፣ ይኸው ፎቶሽ ላይ ባለው ዓይነት መንገድ ላይ ወደቅሁ። አንዲት ባለ ሱቅ አነሳችኝ። ቁስሌን አጠበችልኝ፣ ውኃ ሰጠችኝ። ፍልስጤማዊት ናት። ቤትሽ የት ነው ብዬ በምልክት ጠየቅኋት። በጣቷ ከግንቡ ማዶ አሳየችኝ። እኔ ወዲያው ከጀርባው ያለ መስሎኝ፣ 'ቅርብ ነዋ!' ብዬ እጄን እንዲህ አደረግሁላት። ሴትዮዋ ሳቀች። እየሳቀች ዕንባዋን ጠረገች። ለምን እንደሆነ ማንንም አልጠየቅሁም። ብዙ ነገር ተሳልሜ መጣሁ፤ የእሷን ነገር ግን ሳላውቅ መጣሁ። በይ፣ አንብቢ።»

ሜሉ መጽሐፉን ከፈተች። ስምንቱም ቅጂ በኖርሽክ ነው፤ ከተሰብሳቢው ግማሹ ኖርሽክ ሲያነብ ይደክመዋል። በቃሏ ወደ አማርኛ ልመልስላቸው ብላ አንድ ዓረፍተ ነገር ሞከረች፤ መሐል ላይ አማርኛው ከዳት። ጆሮዋ ጋለ።

«ቆይ፣ ቆይ» አሉ ጋሽ በቃሉ። «ትርጓሜ ቤት ስንማር አንዱ ንባቡን ያወርዳል፣ የኔታ ይተረጉማሉ፣ የቀረነው እንቀበላለን። አንቺ በኖርሽኩ አውርጂና የቻልሽውን በይ። የጎደለውን እኛ እንሞላለን።»

ሜሉ አንድ ዓረፍተ ነገር በኖርሽክ አነበበችና ወደ አማርኛው ገባች። «ሰው ቆጣሪው ጠዋት መጣ። የድንኳኑን… ጨርቅ ገለጠ።»

«ሸራ በይ» አሉ ወይዘሮ እታለም። «ጨርቅማ ዝናብ ያስገባል።»

«የድንኳኑን ሸራ ገለጠና እናቴን፣ ስንት ናችሁ? አላት።»

«ስንት ናችሁ አላት፣ ይላል» አሉ ጋሽ በቃሉ፣ እንደ የኔታቸው።

«ትላለች ነው እንጂ» አሉ ወይዘሮ ታንጉት። «የጻፈችው ሴት አይደለችም እንዴ?»

«ትላለች፤ ይሁን።»

«እናቴ፣ ሰባት አለችው።» ሜሉ ቀጣዩን መስመር በዓይኗ አይታ ትንፋሽ ወሰደች። «ስድስት ነበርን።»

ወይዘሮ ታንጉት ዳቦ ቆሎውን መዝገን አቆሙ።

«የራሽን ካርዱ እንዳይቀነስባቸው ነው» አሉ ወይዘሮ እታለም።

ሁሉም ወደ እሳቸው ዞሩ። ወይዘሮ እታለም እጃቸውን እያዩ ነበር የሚናገሩት።

«እኛ ሱዳን፣ ገዳሪፍ አጠገብ መጠለያ ውስጥ ነበርን። እኔ የዘጠኝ ዓመት ልጅ ነኝ። ወንድሜ ግርማ በግንቦት ሞተ። እናቴ አላስመዘገበችም። ቆጣሪው ሲመጣ፣ 'እንጨት ለቀማ ሄዷል በይ' ብላ አስተማረችኝ። ግርማ ስምንት ወር እንጨት ለቀመ። ስንዴውን የበላሁት እኔ ነኝ።» ቀና አሉ። «ይህን ለልጆቼ አልነገርኳቸውም። እኛ ብቻ ያደረግነው ነውር ይመስለኝ ነበር።»

ሜሉ በሁለት ዓመት ጥናቷ ይህን ገጽ ሦስት ጊዜ አንብባዋለች፤ ከጎኑም በእርሳስ ማስታወሻ ጽፋበታለች። አሁን ማስታወሻዋ ምን ይል እንደነበር ሊታወሳት አልቻለም።

«ያቺስ ልጅ ምን በይ አሏት?» አሉ ወይዘሮ እታለም።

ሜሉ ፈለገችና አገኘችው። «'ተኝቷል በይ' አለችኝ።»

ወይዘሮ እታለም ራሳቸውን ነቀነቁ። «የኔ እናት ትበልጣለች። ተኝቷል ካልሽ ገብተው ያዩታል።»

መጀመሪያ የሳቁት የወይዘሮ ታንጉት ባል ናቸው፤ ከዚያ ሁሉም ሳቁ፤ ወይዘሮ እታለም ራሳቸው ሳቁና በመሐረብ ዓይናቸውን ጠረጉ። ጋሽ በቃሉ መሐረቡን ሲያዩ ሳቃቸውን አቆሙ። ኮፍያቸውን ከጉልበታቸው አንስተው ጠረጴዛው ላይ አኖሩትና ወንበራቸውን ወደ ሜሉ አስጠጉ።

«ቀጥዪ፣ ልጄ» አሉ።

ሜሉ ቀጠለች። ከዚያ በኋላ ቃል ሲጠፋት አላፈረችም፤ ቀና ብላ ትጠብቃለች፣ ከአንዱ ወንበር ይመጣላታል። ምዕራፉ ሲያልቅ የቤተ መጻሕፍቱ መዝጊያ ሰዓት ደርሶ ነበር። ኢንግሪድ አማርኛ ባትሰማም መብራቱን ለማጥፋት አልቸኮለችም። ስምንቱንም ቅጂ አንድ በአንድ መዘገበች፤ ወይዘሮ ታንጉትና ባላቸው በአንዱ ተስማሙ፣ መጀመሪያ የሚያነቡት ወይዘሮ ታንጉት ሆነው። ዘጠኙም ካርዳቸውን ያወጡት በመታወቂያ፣ በነፃ፣ በአምስት በአምስት ደቂቃ ነው። ጋሽ በቃሉ ይህን ጮክ ብለው አስታወሱ።

በሚቀጥለው ሐሙስ አሥራ አራት ሰው መጣ፤ ወይዘሮ እታለም ትልቋን ሴት ልጃቸውን ይዘው ነበር። ኢንግሪድ ከሌላ ቅርንጫፍ ስድስት ቅጂ አስመጣች፤ ሜሉም ሁለተኛውን ምዕራፍ አነበበች።