በትምህርት ቤቱ ደጅ የፈሰሰው ደም

ቁጣ በሰው ባሕርይ ውስጥ ተሰውራ የምትኖር፣ በወጣች ጊዜም ጻድቁን ከኃጥኡ ሳትለይ የምታጥለቀልቅ ብርቱ ኃይል መሆኗን፣ አስተዋይ አንባቢ ሆይ፣ ከራስህ ኑሮ ሳትረዳው አልቀረህም። ሰው ጠላቱን ለመግደል የሚያሻው ወኔ ጥቂት ነው፤ ለዚያውም ነጋሪት ይጎሰምለታል፣ ቀረርቶ ይሰማለታል፣ ቀንቶትም ከተመለሰ ይሾማል፣ ይሸለማል። ጠላቱን ከገዛ ወዳጆቹ እጅ ለማስጣል የሚነሣ ሰው ግን ነጋሪት የሚመታለት፣ ግጥም የሚገጥምለት የለም፤ ትርፉም የወዳጅ ጥርጣሬና የጠላት ዝምታ ብቻ ነው። በዚህ ፈተና አንድ ጊዜ በባሕር፣ አንድ ጊዜም በየብስ የተፈተነውን የኮማንደር ልሳነወርቅ ይርዳውን ታሪክ እነሆ።

ልሳነወርቅ የተጉለት ደብተራ ልጅ ነበር። ዳዊት ደግሞ ቅኔ በጀመረበት ዘመን፣ ከጅረት የሰፋ ውኃ ዐይቶ የማያውቀው ይህ ደገኛ፣ ለባሕር ኃይል ከሚመለመሉት ጋር ተቆጥሮ ወደ ምጽዋ ወረደ። በትጋቱና በዝምታው ከማዕርግ ወደ ማዕርግ እየተሸጋገረም «ዐውሎ» የምትባል የቃኚ መርከብ ምክትል አዛዥ ሆነ። አንድ ማለዳ፣ ፀሐይ ከውኃው ላይ ገና ብቅ ስትል፣ ከደሴቶቹ ጥግ የወጡ ፈጣን የጠላት ጀልባዎች መርከቢቱን ከግራም ከቀኝም በመትረየስ ጠበሷት። የማዘዣው ክፍል መስተዋት እንደ በረዶ ረገፈ፤ ወለሉ በደም ከመርጠቡ የተነሣ መርከበኞቹ እየተንሸራተቱ ይወድቁ ጀመር። የአዛዡ የካፒቴን ገድለወልድ ታናሽ ወንድም፣ ባንዲራ እያውለበለበ ምልክት ይሰጥ የነበረው ጎልማሳ፣ አንገቱን ተመትቶ በወንድሙ እግር ሥር ተዘረረ። ይሁን እንጂ የ«ዐውሎ» መድፈኞች ቀንቷቸው ጀልባዎቹን ሰባብረው አሰጠሟቸው፤ ከጠላት ወገን የተረፉትም መሣሪያቸውን ለባሕር ጥለው፣ ዘይት በነደደበት ውኃ ላይ እጃቸውን እያነሡ ይጮሁ ነበር።

«ተኩስ!» አለ ካፒቴኑ ወደ መትረየሱ ዞሮ። «አንድ ነፍስ እንዳይተርፍ!»

«ጌታዬ፣» አለ ልሳነወርቅ በተኳሹና በውኃው መካከል ቆሞ፣ «እነዚህን ባሕር ማርኳቸዋል። ባሕር የማረከውን እኛ ልንገድል አይገባንም።»

«የወንድሜ ደም ገና አልደረቀም!»

«የእነሱም ወንድሞች ከውኃው በታች ናቸው።»

ካፒቴኑ ሽጉጡን መዘዘ። ጥይቲቱ የልሳነወርቅን ግራ መዳፍ ሰንጥቃ ሁለት ጣቶቹን ይዛ ሄደች፤ እርሱም በቀረው እጁ አዛዡን መንጋጋው ላይ መትቶ ከብረቱ ወለል ላይ አነጠፈው። በዚህ ጊዜ ከመርከበኞቹ አንዱ ገመድ ወረወረ፣ ሁለተኛውም ተከተለው፣ የሚቃትቱትንም ጎትተው አወጧቸው። ነገር ግን በአዛዡ ላይ እጁን ያነሣ መኰንን ሥርዐት አፍራሽ ነውና፣ ልሳነወርቅ ማዕርጉ ተገፎ ወኅኒ ወረደ። ስለዚያች ማለዳ ሲጠየቅም፣ «ልክ ሠርቻለሁ፤ የገድለወልድ ልብ ግን እስከ ዛሬ አልገባኝም» ከማለት በቀር ሌላ አይናገርም ነበር።

ከወኅኒ በወጣ ጊዜ ዘመን ተለውጦ፣ መርከቦቹም ተበትነው ነበርና፣ ጠጕሩ ገብስማ የሆነው ሰው ከለጋ ወጣቶች ጋር ተቀምጦ የመምህርነትን ሙያ ተማረ። ከዓመታትም በኋላ ከጣና በስተ ምሥራቅ ባለችው በወረብ አፋፍ የሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት ዲሬክተር ሆኖ ተሾመ። ማዕርጉን መንግሥት ቢገፈውም ሕዝቡ መለሰለት፤ ሁሉም «ኮማንደሩ» ይለው ነበር። ያች አገር አፈሯ ለም፣ ሕዝቧ ጨዋ ስትሆን፣ ደም መመለስን ግን እንደ ዐሥራት የምትቈጥር ነበረች። ተማሪው ደብተሩን በቀኝ ብብቱ፣ ጩቤውን በግራ ታፋው ይዞ ይመጣል፤ አባቶቻቸው ሲገዳደሉ የኖሩ ልጆችም በአንድ ወንበር አይቀመጡም። ኮማንደሩ ማለዳ ማለዳ ከበሩ እየቆመ ጩቤውን ይቀበላል፤ እምቢ ያለውን ወደ ቤቱ ይመልሳል፤ የተደባደቡትን አንድ ጉድጓድ እያስቈፈረ ዛፍ ያስተክላቸዋል። በዚህ ሁሉ ቀኝ እጁ መምህር ክንፈሚካኤል የሚባለው የሒሳብ አስተማሪ ነበር፤ ሳቁ ከሩቅ የሚሰማ፣ የዛፉን ቁመት በጥላው እያስለካ ልጆቹን የሚያስደንቅ፣ ኮማንደሩንም «ወንድም ዓለም» እያለ የሚጠራ ደስተኛ ሰው።

በዚያም ወራት ደርበው የሚባል ባላገር የበኵር ልጁ በእርሻ ድንበር ጠብ ተገደለበት። ገዳዩ ወደ በረሃ ስለ ሸሸ፣ በአገሩ ልማድ ዕዳው በገዳዩ ወንድም ልጅ በይግዛው ላይ ወደቀ፤ ይግዛውም የዐሥራ ሁለተኛ ክፍል ተማሪ፣ ወገኖቹ ተስፋ የጣሉበት ጐበዝ ነበር። ኮማንደሩ ልጁን በግቢው ውስጥ ማሳደር በጀመረ ጊዜ፣ ደርበው ከበሩ ድረስ መጣ።

«ጌታው፣ ደሜ ከግቢዎ ውስጥ ተቀምጧል።»

«አያ ደርበው፣ እዚህ ያለው ተማሪ ነው። እጁ ከልጅዎ ደም ንጹሕ ነው።»

«ለመሆኑ እርስዎ ልጅ ቀብረው ያውቃሉ?»

«አላውቅም።»

«እንግዲያውስ ዝም ይበሉ» አለና ጋቢውን አጣፍቶ ሄደ።

መልቀቂያ ፈተና በሚጀመርበት ማለዳ፣ ተማሪዎቹ ለሰንደቅ ዓላማ ተሰልፈው ሳሉ፣ ደርበው የጓሮውን አጥር ጥሶ ምንሽሩን አቀባብሎ ገባ። ይግዛውን ከሰልፉ መካከል ዐይቶ አነጣጠረ። ከሁሉ አስቀድሞ ያየው ክንፈሚካኤል ነበርና «ተኛ!» ብሎ በልጁ ላይ ሲወረወር ጥይቱ ደረቱን በርቅሶ በጀርባው ወጣ፤ ነጭ ሸሚዙም ሳይወድቅ ቀላ። ደርበው ዳግም ሲያቀባብል ኮማንደሩ እንደ ነብር ዘሎ አፈሙዙን ጨበጠው፤ ሁለተኛይቱ ጥይት ትከሻውን ሸርክታ አለፈች። ተናነቁ፤ በአቧራው ላይ ተንከባለሉ፤ በመጨረሻም ኮማንደሩ መሣሪያውን ነጥቆ በሰደፉ ፊቱን ቢመታው የደርበው ጥርሶች ከደም ጋር ረገፉ። ኮማንደሩ ቆመ፤ አቀባበለ፤ አፈሙዙን በወደቀው ሰው ግንባር ላይ አሳረፈ። ቀና ቢል የክንፈሚካኤል እግር መሬቱን ገና ሲፍቅ አየ፤ ጥቂትም ቆይቶ እግሩ ዝም አለ። ያን ጊዜ ካፒቴን ገድለወልድን ዐወቀው፤ ከስንት ዘመን በኋላ፣ ያ ሰው በዚያች ማለዳ የተሰማው ሁሉ በገዛ አጥንቱ ውስጥ ገብቶ እንደ እሳት ነደደ። ጣቱ ቃታውን ነካ። ምን እንደ መለሰው እርሱም ራሱ ኋላ ሊናገር አልቻለም፤ ብቻ ጥይቶቹን አንድ በአንድ አራግፎ ለዛፍ ወደ ተቈፈረ ጕድጓድ ጣላቸው።

የተማሪዎቹ ቁጣ ግን ገና መነሣቱ ነበር። የመጀመሪያው ድንጋይ የደርበውን ጕልበት ሰበረ፤ ከዚያ በኋላ በየአቅጣጫው ዘነበ። ኮማንደሩ ይህን ባየ ጊዜ በገዳዩ ላይ ተደፋበት፤ ጀርባውንም ለድንጋዩ ሰጠ።

«ይልቀቁት፣ ጋሼ!» ብሎ ጮኸ ይግዛው፣ እንባው ከአቧራ ጋር ተለውሶ። «ገዳይ ነው!»

«ገዳይ መሆኑን ዐይቻለሁ!» አለ ኮማንደሩ ከወደቀበት። «እናንተ ግን አይደላችሁም! ዛሬም አትሆኑም!»

ከሥሩ ያለው ደርበው ደም እየተፋ፣ «ይተዉአቸው፤ ይጨርሱኝ» ይለው ነበር። ኮማንደሩ መልስ ሊሰጠው ቀና ሲል፣ ይግዛው የወረወረው ድንጋይ ቀኝ ዐይኑን አፈሰሰው። ልጁ የእጁን ሥራ ባየ ጊዜ እንደ ቆሰለ አውሬ አጓራ፤ ሮጦም በሁለቱ ፊት ቆመና የጓደኞቹን ድንጋይ በደረቱ መመከት ጀመረ። አንዱ የጎን አጥንቱን ሰበረው፣ ሌላው ግንባሩን ፈነከተው፤ እርሱ ግን ንቅንቅ አላለም። ቀስ በቀስ እጆች ረገቡ፤ የቀረው ድምፅም የሴት ተማሪዎች ለቅሶ ብቻ ሆነ።

በቀብሩ ዕለት የክንፈሚካኤል ሚስት ወይዘሮ እማዋይሽ፣ ዐይኑ በጨርቅ ታስሮ የመጣውን ኮማንደር በለቀስተኛው ፊት አቆመችው። «ወንድም ዓለም ይልህ ነበር» አለች ድምፅዋን ሳታነሣ። «ገዳዩን በገላህ ጋርደህ አዳንኸው። እርሱን ግን አላዳንኸውም።» ኮማንደሩ አንገቱን ደፍቶ ቆመ፤ በዚያች ሰዓት የተናገረችው ሁሉ እውነት መስሎት ነበርና።

ከዚያ በኋላ የሆነው በአጭሩ ይህ ነው። ደርበው ተፈርዶበት ወኅኒ ገባ፤ ሸሽቶ የነበረውም የይግዛው አጎት ይህን ሰምቶ እጁን ሰጠ፤ ሽማግሌዎችም ሁለቱን ወገኖች በቤተ ክርስቲያን ደጅ አስታረቋቸው። ይግዛው ቍስሉ ሲሽር ፈተናውን በተከታዩ ዓመት ወሰደ። ወይዘሮ እማዋይሽ ግን ኮማንደሩ በሚመጣበት መንገድ አትሄድም፤ በገበያ ቢያገኛት ፊቷን ታዞራለች፤ በበዓል ቀን የላከላትን ሁሉ ከነሳህኑ ትመልሳለች። እርሱም ይህን እንደ ተገባ ቅጣት ተቀብሎ ኖረ። ዓመታት አለፉ። አንድ መስከረም፣ የዐደይ አበባ አጥሩን ሞልቶት ሳለ፣ ኮማንደሩ እንደ ልማዱ ከበሩ ቆሞ አዲስ ተማሪዎችን ሲቀበል፣ አንዲት ጥቁር የለበሰች ሴት የልጃገረድ እጅ ይዛ መጣች። እማዋይሽ ነበረች። እግዜር ይስጥልኝም፣ እንደምን አደርህም አላለችውም፤ የልጅቱን እጅ ከእጅዋ አውጥታ በእጁ ላይ አኖረችውና፣ «ሒሳብ ትወዳለች፤ እንደ አባቷ» ብላ ወደ መጣችበት ተመለሰች። ኮማንደሩም በቀረችው ዐይኑ እስክትሰወር ድረስ ተከተላት። ዕርቅ ብዙ ጊዜ በምላስ ተነግሮ በልብ ይፈርሳል፤ ቂሙን ሳይተው ልጁን አምኖ የሰጠ ሰው ግን፣ ምላሱ ያልደፈረውን የመጨረሻውን ቃል ተናግሯል።