ጎመን ሥር የተቀበረው ፊልም

«እግዜር ያጥናሽ» ያላትን ሁሉ ትሩፋት አንገቷን ደፍታ አሳለፈች። የሲኒማ አዳራሽ ባለቤቱ ወጋየሁ ግን የለቅሶው ድንኳን መሐል ቆሞ፣ «አገራችን ትልቅ የፊልም ጠቢብ አጣች» ማለት ሲጀምር ደሟ ፈላ።

ጅብ ከሄደ ውሻ ጮኸ! የወንድሟ የራጉኤል ፊልም በእሱ አዳራሽ ሲታይ፣ መሐል ላይ መብራት አብርቶ «ይቅርታ፣ ፊልሙ ተበላሽቷል» ብሎ ሰዉን የበተነው ይኸው ሰውዬ ነው። ራጉኤል ሊያስረዳ ቢነሣ ተሣቀበት። ከዚያ በኋላ ማንም አዳራሽ አልሰጠውም።

የራጉኤል አሠራር ለማንም አይገባም ነበር። ሰርግ እየቀረጸ በሚያገኘው ገንዘብ የድሮ ጥቅል ፊልም ይገዛል። ቀርጾ ካሳጠበ በኋላ በመርፌ ይጭረዋል፣ ቀለም ይቀባዋል፣ በመጨረሻም መሬት ውስጥ ይቀብረዋል። ዝናቡና ትሉ የቀረውን ይሠሩለታል። «እኔ ብቻ ምን አውቃለሁ? አፈሩም የራሱን ይበል» ይላል።

ሙት ወቃሽ አያድርጋት እንጂ፣ ትሩፋትም በዚህ ነገሩ አንጀቷ አሯል። እናታቸው ከመሞቷ በፊት በረንዳ ላይ ፀጉሯን ስታበጥር ቀርጿት ነበር። ቅጂ እንኳ የሌለውን ያንን ፊልም ወስዶ የጎረቤታቸው የጋሽ ዋቅጅራ ጓሮ ውስጥ ቀበረው። «እናቴን ሁለተኛ ቀበርካት!» ብላ ጮኸችበት፤ ከዚያ ወዲህ አላናገረችውም። ሳይታረቁ ሞተ።

ወጋየሁ ንግግሩን ጨርሶ አጠገቧ ተቀመጠ።

«እህቴ፣ የመጨረሻ ሥራው የት ነው ያለው? ለአርባው ዝግጅት አስበናል።»

«ጎመን ሥር።»

የቀለደች መስሎት ፈገግ አለ። ጋሽ ዋቅጅራ ግን ከወዲያ ሆነው፣ «እውነቷን ነው። ክረምቱ ሲወጣ እናወጣዋለን ብሎኝ ነበር፤ ክረምቱ ወጣ፣ እሱ ቀረ» አሉ።

ትሩፋት ብድግ አለች። አክስቷ አምሳለ ነጠላዋን ያዘቻት። «አንቺ! ሐዘንተኛ ድንኳን ጥሎ ይወጣል? ሰው ምን ይላል?»

«ያሻውን ይበል፣ እቴቴ! እናቴን ላወጣት ነው።»

ጓሮው ደርሰው ጋሽ ዋቅጅራ ጎመኑ ሥር ቆፈሩ፤ ወጋየሁም ተከትሎ መጥቶ ነበር። ፊልሙ ያለበት ጆንያ በስብሷል። ትሩፋት ጥቅሉን በእጇ ጎትታ አወጣችና ጫፉን ፈትታ ወደ ፀሐይ አነሣችው። የእናቷ ፊት የለም። በፊቷ ቦታ ቡናማና አረንጓዴ እድፍ እንደ ሥር ተንሰራፍቷል። ማበጠሪያ የያዘው እጅ ብቻ ቀርቷል።

«ፊቷን አስበላኸው! አንተ ጨካኝ!»

ቀብሩ ላይ እምቢ ያለው እንባ አሁን ወረደ። ወንድሟን እየሰደበች ፊልሙን በጣቷ ወደ ታች ሳበችው፤ እንደገና ሳበችው። ከምስል ወደ ምስል የእናቷ እጅ ሲወርድ እድፉ አብሮ ይወርዳል፤ እጁ ሲነሣ እድፉም ይነሣል። እናቷ አፈሩን የምታበጥር ይመስላል። ስድቡ አፏ ላይ ቀረ።

«አይዞሽ፣ ይጸዳል» አለ ወጋየሁ። «ዛሬ እኮ በኮምፒውተር የማይጠፋ ቆሻሻ የለም። ለሰው እንዲታይ አድርገን እናስተካክለዋለን።» መሐረቡን አወጣና ጫፉን በምራቁ አርሶ ፊልሙን ሊጠርግ እጁን ዘረጋ።

ትሩፋት እጁን በጥፊ መታችው።

«አትንካው! የወንድሜ ሥራ ነው!»

ጥቁር ነጠላዋን ከትከሻዋ አወረደችና ፊልሙን ከነአፈሩ ጠቀለለችው።